ከባሕሩ በፊት አራት ሰከንድ

ፎልክማር ብሩኒንግን ሃያ ስድስት ዓመት ሙሉ አንቱ ስለው ኖሬያለሁ። እሱም በስሜ እየጠራ አንቱ ይለኝ ነበር፤ ሐምቡርግ ውስጥ አብሮ ሠርቶ አብሮ ማርጀት እንዲህ ነው። አሁን ግን ሞቷል። ለሞተ ሰው አንቱታ ምን ያደርግለታል ብዬ እዚህ ወረቀት ላይ «እሱ» እለዋለሁ። ቅር የሚለው ካለ ቅር ይበለው።

ሥራው ለፊልም ሙዚቃ መድረስ ነበር። ስሙን የሚያውቅ ሰው ጥቂት ነው፤ ሥራውን ያልሰማ ግን በእኛ ዘመን አልነበረም። የኔ ሥራ ደግሞ እሱ በእርሳስ የሞነጫጨረውን በቀለም እየገለበጥኩ ለእያንዳንዱ ተጫዋች የየራሱን ወረቀት ማዘጋጀት ነበር። ቫዮሊኑ የቫዮሊኑን፣ መለከቱ የመለከቱን ብቻ ነው የሚያየው። ሁሉንም ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ የሚያዩት ደራሲውና ገልባጯ ናቸው። ይህን ያዙልኝ።

ያደገው ሉነቡርግ ነው። አባቱ የቤተ ክርስቲያን ኦርጋን ይጫወቱ ነበር፤ እሱ በልጅነቱ ከኦርጋኑ ጀርባ ቆሞ ወናፉን በእግሩ ይረግጥ ነበር። አየሩ ከድምፁ ቀድሞ ካልገባ መዝሙሩ እንደታነቀ በግ ያቃስታል። አንድ ጊዜ ዘግይቶ ረግጦ አባቱ ከቅዳሴ በኋላ በጥፊ እንዳጮሉት እየሳቀ ነግሮኛል። ቀድሞ መግባት ከዚያን ጊዜ ጀምሮ እግሩ ላይ የቀረ ነገር ነው። ከጦርነቱና ከምርኮ በአሥራ ዘጠኝ ዓመቱ ተመልሶ ለእንግሊዝ ወታደሮች በየዳንስ ቤቱ ፒያኖ ሲመታ ከረመ፤ ከዚያ አንድ ፊልም ሠሪ ሰምቶ ወሰደው።

ቀድሞ የመግባቱ ነገር ፊልም ላይ ጠቀመው። ሥዕሉ ከተቀየረ በኋላ የሚጀምር ሙዚቃ ተመልካቹን ያነቃዋል። ሦስት አራት ሰከንድ ቀደም ብሎ ሾልኮ የገባ ግን ጆሮ ሳያውቀው ሆድ ውስጥ ይቀመጣል። ብሩኒንግ በዚህ የሚደርስበት አልነበረም። የሩጫ ሰዓቱን በግራ እጁ፣ እርሳሱን በቀኝ እጁ ይዞ ሲሠራ ላየው ሰው ሙዚቃ የሚደርስ ሳይሆን እንቁላል የሚቀቅል ነበር የሚመስለው።

አገር ያወቀው ግን በዓርብ ማታው የወንጀል ተከታታይ ነው። እዚያ ላይ አንድ ዘዴ አመጣ። ገዳዩ ገና ማንም ሳይጠረጥረው፣ ዳቦ እየገዛም ይሁን ውሻውን እያናፈሰ፣ ፊቱ ሲታይ ባስ ክላሪኔት ሦስት የወፈሩ ድምፆች ያሰማል። ባስ ክላሪኔት ቁመቱ ሕፃን ልጅ የሚያክል፣ ድምፁ ከምድር ቤት የሚወጣ የሚመስል የትንፋሽ መሣሪያ ነው። ስምንት ዓመት ሙሉ፣ ዓርብ በመጣ ቁጥር፣ እነዚያ ሦስት ድምፆች። በየቤቱ ጨዋታ ሆነ። እናቴ አልቶና ሰፈር ቤቷ ከጎረቤቶቿ ጋር ተኮልኩላ ታይ ነበር፤ ድምፁ ሲመጣ ሁሉም ባንድ ላይ «ያው! እሱ ነው! አላልኳችሁም?» ብለው ይጮኻሉ። የቢራ ብርጭቆ ይጋጫል። እኔም እዚያ ተቀምጬ የኮራሁበት ቀን ብዙ ነው።

በአንድ ሺህ ዘጠኝ መቶ ሰባ ሦስት ኮስማን የሚባል ፊልም ሠሪ መጣ። ጭምት፣ ሰው የማይጎዳ ሰው ነበር። የሠራው ፊልም ልብ ወለድ አልነበረም፤ ሐርመንዚል በምትባል የሰሜን ባሕር ዳርቻ መንደር ከአሥር ዓመት በፊት ስለደረሰው የማዕበል ጎርፍ ነው። በዚያ የካቲት ጎህ ሲቀድ በባሕሩ ግድብ ሥር ያለው የውሃ በር ተገንጥሎ አሥራ አንድ ቤት ተጥለቅልቋል፤ ሁለት ሰው ሞቷል። የበሩ ጠባቂ ቲያርክ ኦልትማንስ ይባላል። መርማሪዎች መጥተው አጥንተው፣ ሰውየው በሩን በሰዓቱ እንደዘጋ፣ የበሰበሰው ከውሃው በታች ያለው የማይታይ እንጨት እንደሆነ ጽፈው ሄደዋል። መንደሩም አምኖ አሥር ዓመት በሰላም ኖሯል። ፊልሙም ይህንኑ ነበር የሚለው።

ለሙዚቃው ሦስት ሳምንት ተሰጥቶን ነበር፤ የሚታይበት ቀን ቀደም ተደረገና አሥር ቀን ቀረን። የዓርቡም አልደረሰም። ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል ይባላል፤ እኛ ግን ማን ይፈታዋል ብለን ታጠቅን። ብሩኒንግ ለባሕሩ የሚያስፈራ ድምፅ ፈለገ። ጊዜ የለውም፤ እጁ ወደሚያውቀው ሄደ። ባስ ክላሪኔት፣ ሦስት ድምፅ። እንደ ልማዱም ባሕሩ ከመታየቱ አራት ሰከንድ አስቀድሞ አስገባው።

ወረቀቱን ስገለብጥ ከጎኔ የፊልም ቆራጯ ዝርዝር ነበር። እንዲህ ይላል፦ «ኦልትማንስ የዝናብ ካፖርቱን ሰቅሎ ይዞራል። ፊቱ፣ ስድስት ሰከንድ። ከዚያ ባሕር።» ቆጠርኩ። ድምፁ የሚገባው ሰውየው ፊት ላይ ነው። ብዕሬ ቆመ። «ይሄ የዓርቡ አይደለም እንዴ?» አልኩ በሆዴ። ተነስቼ በሩን ባንኳኳ፣ «አቶ ብሩኒንግ፣ ይሄን ይዩት» ብል፣ ሁለት ደቂቃ ነው። ግን ያን ገጽ እንደገና መጻፍ ሊመጣ ነው፤ ጣቴ አብጧል፤ ደግሞ ገልባጭ መገልበጥ እንጂ መናገር ሥራዋ አይደለም ተብዬ ነው የሠለጠንኩት። ቀለሙን አደረቅኩና ገጹን ገለበጥኩ።

ቀረጻው ላይ እንኳ አንድ ዕድል ነበረን። ባስ ክላሪኔት የሚነፋው ሽማግሌው ፓገል ወረቀቱን አይቶ መነጽሩን አነሳና፣

«ዛሬስ ደግሞ ማንን ነው የገደልነው?» አለ።

ኦርኬስትራው በሙሉ ሳቀ። ብሩኒንግ ሳቀ። እኔም ሳቅሁ። ቀይ መብራቱ በራና ነፋው።

ፊልሙ ታየ፣ ተመሰገነ፣ ተረሳ። ቢያንስ እኛ ጋ ተረሳ።

ከሦስት ዓመት በኋላ አንድ የድሮ ኖታ ፍለጋ የፒያኖውን መቀመጫ ከፈትኩ። ብሩኒንግ የማይፈልገውን ነገር ሁሉ እዚያ ውስጥ ይወረውራል። ከሥሩ የተከፈተ ደብዳቤ አገኘሁ፤ የፖስታው ማኅተም አሥራ አራት ወር አልፎታል። ጽሕፈቱ ትልልቅ፣ ተጠንቅቆ የተጻፈ ነበር።

«የተከበሩ አቶ ብሩኒንግ፤ እኔ ለሙዚቃ ጆሮ የለኝም። ፊልሙ ከታየ ወዲህ ግን ሰው ሰላምታውን ቀንሶብኛል። ሐሙስ ሐሙስ በካርታ ስካት የምንጫወት ሦስት ነበርን። ሐቦ ወገቤን አመመኝ አለ፤ ሬንከ ዓይኔ ደከመ አለ። ካርታውን በውዤ በውዤ ወደ ቤቴ እመለሳለሁ። ምን አደረግሁ ብዬ ብጠይቅ የሬንከ ሚስት ‹ሙዚቃው ተናገረ እኮ› አለችኝ። ስለዚህ እርስዎን እጠይቃለሁ። መርማሪዎቹ ጥፋት የለብህም ብለውኝ ነበር። እርስዎ ግን የተማሩ ሰው ነዎት፤ ያለ ምክንያት አይሆንም። ያን ቀን ምን አጥፍቼ ነው? በሩን ዘግቻለሁ ብዬ አስብ ነበር። አሁን እኔም እርግጠኛ አይደለሁም። የሚያውቁትን ቢጽፉልኝ ደስ ይለኛል። ቲያርክ ኦልትማንስ።»

ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ሁለተኛው ላይ ከነደብዳቤው ወለሉ ላይ ተቀመጥኩ። ብሩኒንግ ሲገባ እዚያው አገኘኝ።

«እንዳላዩ ይሁኑልኝ፣ ቪብከ» አለ።

«አይቻለሁ።»

«ምን ብዬ ልመልስለት? ስንት ቀን ብዕር አንስቻለሁ መሰለዎት?»

«አሥራ አራት ወር ነው ብዕር የሚነሳው? ድንጋይ ነው እንዴ?»

«እንዲህ አይቆጡኝ…»

«ሰውየው በሩን መዝጋቱን ተጠራጠረ እኮ! በገዛ እጁ የዘጋውን! ካፖርትዎን ይልበሱ።»

በሕይወቴ አዝዤው የማውቀው ያን ቀን ብቻ ነው። ለምን እንደዚያ እንደጮህኩ እሱ አላወቀም፤ ለደብዳቤው መሰለው። እኔ ግን የቀለሙ ሽታ አፍንጫዬ ውስጥ ነበር።

ሐርመንዚል ስንደርስ ኦልትማንስ የውሃውን በር ቅባት እየቀባ ነበር፤ አዲሱን፣ የብረቱን። አጭር፣ ሰፊ ሰው ነው፤ እጁ እንደ አካፋ። «ሞይን» ብሎ በአገሩ ሰላምታ ተቀበለን። ብሩኒንግ ማን እንደሆነ ሲነግረው ቅባቱን በቀስታ አስቀመጠና «መጣህ ማለት ነው» አለ። እዚያ አገር አንቱ የሚባል የለም። ሚስቱ ጌሸ ሻይ ቀዳች። ከሦስት ስኒ በፊት መነሳት ነውር ነው፤ ብሩኒንግ ሦስቱንም ጠጣ፤ በሦስተኛው ተናገረ።

«ስለ አንተ የማውቀው ነገር አልነበረም። ምንም። ድምፁ የባሕሩ ነው። እኔ ነኝ ፊትህ ላይ ያስገባሁት፤ አራት ሰከንድ ቀድሞ እንዲገባ የሥራችን ልማድ ስለሆነ።»

ኦልትማንስ ስኒውን አስቀመጠ።

«አራት ሰከንድ?»

«አራት።»

«በአራት ሰከንድ አንድ እግር ጫማ አላወልቅም እኮ እኔ።» ወደ ሚስቱ ዞረ። «ጌሸ፣ ሰማሽ? አራት ነው የሚለው።»

«ሰማሁ» አለች ጌሸ። እሷ እኛን አላየችንም፤ የሻይ ማንቆርቆሪያውን ነበር የምታየው። «ሦስት ዓመት ዳቦ ቤት ስገባ ወሬ ይቋረጣል። ለዚህም ሰከንድ አለው?»

ብሩኒንግ ወደ ባዶ ስኒው አየ። እኔም ከስኒዬ ቀና አላልኩም።

ሲመለስ እንደ እብድ ሠራ። ኮስማን ዘንድ ሄዶ ለመነ፤ ሙዚቃው ፊቱ ላይ ሳይሆን ባሕሩ ላይ የሚጀምር አዲስ ቅጂ አሠራ። በመጸው መንደሩ መጠጥ ቤት አዳራሽ ውስጥ ሊያሳየው ይዞ ሄደ። አርባ ሰው መጣ። ብሩኒንግ ፊት ለፊት ቆሞ ጥፋቱ የሱ መሆኑን፣ ኦልትማንስ ምንም እንዳላደረገ ተናገረ። ሰዎቹ አዳመጡት፤ ራሳቸውን ነቀነቁ። ከዚያ መብራት ጠፋ።

ኦልትማንስ ሥዕሉ ላይ ገባ። ካፖርቱን ሰቀለ። ዞረ። ፊቱ መጣ፤ ድምፅ የለም። ስድስት ሰከንድ ጭጭ። ወንበር ሲንቋቋ ሰማሁ፤ ከዚያ አርባው ሰው አንድ ላይ ራሱን አዙሮ ከኋላ የተቀመጠውን ኦልትማንስን አየው። ከፊቴ የነበረች አሮጊት ለጎረቤቷ «እዚህ ላይ ነበር» ስትል ሰማኋት። ክፋት አልነበረባትም፤ ቦታውን ነበር የምታሳየው። ከአፍ የወጣ አፋፍ እንደሚሉት ነው፤ የሄደው ድምፅ ሲጠሩት አልተመለሰም። ባዶው ቦታ እንዲያውም ከሙዚቃው የባሰ ጮኸ።

መብራት ሲበራ ኦልትማንስ ወደ ብሩኒንግ መጣ። አልተቆጣም።

«ሙዚቃውን አወጣኸው» አለ። «እኔን ግን እዚያው ተውከኝ።»

ኦልትማንስ ባርኔጣውን ሊያደርግ ሲል ወደ ጥጉ ጠረጴዛ አየና «ዛሬ ሐሙስ ነው» አለ። «ስካት ትችላለህ?»

«ትንሽ።»

«እሷስ?»

«እሷ ከኔ ትሻላለች» አለ ብሩኒንግ። እውነቱን ነው።

ሦስት ሰው ሞላን። ከዚያ ቀን ጀምሮ በወር የመጀመሪያው ሐሙስ ሐርመንዚል ነን። አሥር ዓመት። ብሩኒንግ ከዓርቡ ተከታታይ በገዛ ፈቃዱ ወጣ። አዘጋጆቹ በማግስቱ ሌላ ሰው ቀጥረው ባስ ክላሪኔቱን አስቀጠሉት። እሱ ከዚያ በኋላ ስለ ዳክዬና ስለ ንብ ለሚሠሩ ፊልሞች ብቻ ነበር የሚደርሰው፤ የሙያ ጓደኞቹ «ዳክዬው ብሩኒንግ» ብለው ሳቁበት። ወፍራም ድምፅ የሚባል ነገር አልጻፈም። የዳክዬ ፊት ሲመጣ እንኳ ሙዚቃውን ያቆመዋል። አንድ ጊዜ «ዳክዬው ይከሰናል ብለው ነው?» ብዬ ቀለድኩበት፤ አልሳቀም።

ኦልትማንስ ጠረጴዛው ላይ ሌላ ሰው ነው፤ ምላሱ አያርፍም።

«የሙዚቃው ሰውዬ፣ ካርታ ስትይዝ ሬሳ የተሸከምክ ነው የምትመስለው። ጣለው እንጂ!»

«እያሰብኩ ነው።»

«ስታስብ ባሕሩ ሁለቴ ሞልቶ ጎደለ። ቪብከ፣ ይሄ ሰው ቤቱም እንዲህ ነው?»

«የባሰ ነው» እላለሁ።

በሦስተኛው ዓመት ሐቦ ወገቡ ድኖለት ከጀርባችን ቆሞ ማየት ጀመረ፤ ቆይቶም አንዳንዴ በኔ ቦታ ይገባ ነበር። ዳቦ ቤት ወሬ መቋረጡ ቀረ አለች ጌሸ፤ ወይም እሷ ለምዳው ይሆናል። ሬንከ እስኪሞት አልመጣም። ብሩኒንግ ከያንዳንዱ ሐሙስ ሲመለስ ትንሽ ቀለል ይለው ነበር፤ ወሩ እየገፋ ሲሄድ ደግሞ ይከብደዋል። የደስታ ጉዞ አልነበረም። ጌታዋ አስሮ እንደረሳት በቅሎ ራሱን በራሱ አስሮ ነበር።

በሰማንያ ስድስት ሰኔ ጌሸ ደወለች፤ ቲያርክ እየደከመ ነው ብላ። ከሰዓት በኋላ ደረስን። አልጋውን ግድቡ በሚታይበት መስኮት ሥር አድርገውለታል። ያ አካፋ የሚያክል እጅ ብርድ ልብሱ ላይ ቀጥኖ ተቀምጧል። ብሩኒንግ ካርታ ይዞለት ነበር፤ ከኪሱ አላወጣውም። ጌሸ ሻዩን ልታፈላ ስትወጣ ኦልትማንስ በሩ እስኪዘጋ ጠበቀ።

«አሁን ሰው የለም» አለ። «ቪብከ ዘመድ ናት። ንገረኝ እስቲ።»

«ምን ልንገርህ?»

«ያኔ ምን አውቀህ ነው?»

ብሩኒንግ ፊቱ ነጣ። «ቲያርክ፣ ነግሬህ የለም? ምንም አላውቅም ነበር። ምንም።»

«አሥር ዓመት በየወሩ መጣህ» አለ ኦልትማንስ በቀስታ። «ሰው ለምንም አይመጣም። እያዘንክልኝ ነው የመጣኸው፤ ይገባኛል። ሰንሰለቱን ነው አይደል? የታችኛውን ሰንሰለት አላጠበቅሁትም?»

«አጥብቀኸዋል! በሩን ዘግተሃል። በአባቴ እምልልሃለሁ፣ በእናቴ እምልልሃለሁ፣ የባሕሩ ድምፅ ነው።»

ኦልትማንስ ረጅም ጊዜ አየው። ከዚያ እጁን አንስቶ የብሩኒንግን እጅ መታ መታ አደረገው፤ ለታማሚ ክፉ ነገር አልናገርም ብሎ የሚዋሽን ጥሩ ሰው ይቅር እንደሚሉት።

«እሺ» አለ። «እሺ፣ ይሁን።» ፊቱን ወደ ግድቡ አዞረ። በሦስተኛው ቀን ሞተ።

ስም ከመቃብር በላይ ይውላል ይላሉ። መንደሩ በሙሉ ቀብሩ ላይ ነበር፤ ሐቦ ሬሳ ተሸክሟል፤ ቄሱ ስለ ታማኙ በር ጠባቂ ተናግረዋል። ስሙ ተመልሶለታል። እሱ ግን አላወቀም። የመጣነውም፣ ካርታ የተጫወትነውም፣ የተሳሳቅነውም ለሱ ማስረጃ ሆኖበት ነው የሄደው።

ከቀብሩ ስንመለስ መኪናውን እኔ ነበርኩ የምነዳው። ብሩኒንግ አጠገቤ ተቀምጧል። ሐምቡርግ ልንገባ ስንል፣ ፀሐዩ ገና ሳይጠልቅ፣ ዓይኑን ከመንገዱ ሳያነሳ ጠየቀኝ።

«ቪብከ፣ ያኔ ወረቀቱን ሲገለብጡ ምንም አላስተዋሉም?»

ሽማግሌ ሆኗል። አንገቱ ከኮሌታው ውስጥ ቀጥኗል። «አስተውያለሁ» ብለው ግማሹን ሸክም ከላዩ አወርድለት ነበር። አሥር ዓመት ሙሉ ጠረጴዛው ላይ የተቀመጥነው ሦስት ሰዎች እያንዳንዳችን ጥፋቱ የኔ ነው እያልን እንደሆነ ያውቅ ነበር። መሪውን ጨብጬ ያዝኩ።

«ምንም» አልኩ።

ኦልትማንስ እውነቱን ተነግሮት አላመነም። ብሩኒንግ ግን እኔን ወዲያው አመነኝ። «እርስዎማ ቢያዩ ኖሮ ይነግሩኝ ነበር» አለ፤ ራሱንም መስኮቱ ላይ አስደግፎ ዓይኑን ጨፈነ። ከዚያ በኋላ አራት ዓመት ኖሯል፤ በየወሩ የመጀመሪያው ሐሙስም ብቻውን ሐርመንዚል እየሄደ መቃብሩ ላይ ይቆም ነበር። እኔ ጣቴን አሞኛል እያልኩ ቀረሁ።